«ገብረ» የማን ነው?

የጌታችንና የመድኃኒታችን የኢየሱስ ክርስቶስ በዓለ ጥምቀት በየዓመቱ ጥር 11 ቀን ሲከበር፣ ታቦታቱ በከተራ ዕለት ከየመንበራቸው ወርደው በባሕረ ጥምቀቱ ዳር ሲያድሩ፣ በማግሥቱም ሕዝበ ክርስቲያኑ በተባረከው ውኃ ሲረጭ፣ ይህ የሚደረገው ምእመናን ሁለተኛ እንዲጠመቁ አይደለም። በአንድ ሰው ሕይወት ጥምቀት የምትፈጸመው አንድ ጊዜ ብቻ ነው። ከበዓሉ በረከቶች አንዱ፣ እያንዳንዳችን በሕፃንነታችን የተቀበልናትን ያችን አንዲት ጥምቀት ተመልሰን እንድናስብ ማድረጉ ነው። ጥምቀታችንን ስናስብ ደግሞ በዚያው ዕለት የተቀበልነውን ስማችንን ማሰባችን አይቀርም።

እንግዲህ በዚህ በዓል በገበታ ዙሪያ የተሰበሰበው ቤተሰብ ሁሉ አንድ ጥያቄ እንዲጠያየቅ እንወዳለን። ከልጆቻችን መካከል የክርስትና ስሙን ሙሉውን፣ ከነትርጉሙ የሚያውቅ ማን ነው? ብዙዎቹ «ገብረ ምናምን መሰለኝ» ወይም «ወለተ የሆነ ነገር» ብለው እንደሚመልሱ ከአገልግሎታችን እናውቃለን። መልሱ ለጊዜው ያስቅ ይሆናል፤ ሲመረምሩት ግን ያሳዝናል። ልጁ የያዘው የስሙን መጀመሪያ ነው፤ የጣለው ደግሞ ስሙ የተሰጠበትን ምክንያት ነው። «ገብረ» ማለት «የእገሌ አገልጋይ» ማለት ነውና፣ የማን አገልጋይ እንደ ሆነ ካልተነገረ ነገሩ ተጀምሮ የቀረ ንግግር ይሆናል።

በቤተ ክርስቲያናችን ሥርዓት ወንድ ልጅ በተወለደ በ40 ቀኑ፣ ሴት ልጅ በተወለደች በ80 ቀኗ ይጠመቃሉ። የቀኖቹ ቁጥር በኦሪት ዘሌዋውያን ምዕራፍ 12 ለወላድ እናት ከተወሰነው የመንጻት ወራት ጋር የተስማማ ነው። በመጽሐፈ ኩፋሌም ምዕራፍ 3 አዳም በ40 ቀን፣ ሔዋን በ80 ቀን ወደ ገነት እንደ ገቡ ተጽፏል። በዚሁ መሠረት ሕፃኑ ወደ ቤተ ክርስቲያን በገባበት ዕለት፣ የክርስትና አባቱ ወይም የክርስትና እናቷ ቆመው ሳለ፣ ካህኑ ስም ያወጣል። ስሙም ብዙ ጊዜ በዕለቱ ከሚታሰበው ቅዱስ ጋር ይያያዛል። በ7 ቢሆን ከሥላሴ፣ በ12 ቢሆን ከሚካኤል፣ በ19 ቢሆን ከገብርኤል፣ በ21 ቢሆን ከእመቤታችን፣ በ27 ቢሆን ከመድኃኔ ዓለም ጋር ማለት ነው። ስለዚህ የክርስትና ስም ሕፃኑን ከአንድ ቀን፣ ከአንድ ደጀ ሰላምና ከአንድ አማላጅ ጋር የሚያስተዋውቅ የመጀመሪያ ትምህርት ነው።

የስሙን አሠራር ለመረዳት ጥቂት ወደ ግእዝ ሰዋስው መግባት ያስፈልጋል። በግእዝ «ገብር» ብሎ በሳድስ የሚጨርሰው ቃል ለብቻው የቆመ ነው፤ አገልጋይ፣ ባሪያ ማለት ነው። ከሌላ ቃል ጋር ሲናበብ ግን የመጨረሻው ፊደል ከሳድስ ወደ ግእዝ ይለወጥና «ገብረ» ይሆናል። «ወልድ» ሲናበብ «ወልደ»፣ «ኃይል» ሲናበብ «ኃይለ»፣ «ተክል» ሲናበብ «ተክለ»፣ «ሀብት» ሲናበብ «ሀብተ» ይላል። ለሴቶችም «ወለት» «ወለተ»፣ «አመት» «አመተ» ይሆናል። በሣልስ የሚጨርሰው ወደ ኃምስ ይዞራል፤ «ጸሓፊ» የነበረው «ጸሓፌ ትእዛዝ» እንደሚባል ማለት ነው። በራብዕ የሚጨርሰው እንደ «ተስፋ» እና እንደ «ጸጋ» ያለው አይለወጥም። ሊቃውንቱ እነዚህን ቃላት ተናባቢ ይሏቸዋል፤ ተያይዘው የሚነበቡ፣ አንዱ ያለ ሌላው የማይቆም ማለታቸው ነው።

ከዚህ የምንማረው ነገር አለ። በዘመናችን ጋዜጦችና መጻሕፍት አንዳንድ ጊዜ «ገብረ-ማርያም»፣ «ወልደ-ሚካኤል» እያሉ በሁለቱ ቃላት መካከል ጭረት ያደርጋሉ። የጥንት ጸሐፍት ቃልን ከቃል የሚለዩት በሁለት ነጥብ ስለ ነበር ይህን ጭረት አልተጠቀሙበትም፤ አላስፈለጋቸውምም። ሁለቱን የሚያስተሳስረው ገመድ በራሱ በፊደሉ ውስጥ አለና። «ገብር» «ገብረ» በሆነበት ቅጽበት ጌታውን መፈለግ ጀምሯል፤ «ማርያም» ወይም «መስቀል» ወይም «ሥላሴ» እስኪባል ድረስም አያርፍም። ጭረቱ ለዓይን የሚታይ ምልክት ሲሆን፣ እውነተኛው ማሰሪያ ግን ያች አንዲት የድምፅ ለውጥ ናት።

የስሞቹም ዓይነት ብዙ ነው። አንዳንዱ የአገልግሎት ስም ነው፤ ገብረ መስቀል፣ አመተ ማርያም እንደሚባለው። አንዳንዱ የልጅነት ስም ነው፤ ወልደ ገብርኤል፣ ወለተ ኪዳን እንደሚባለው። የስጦታም ስም አለ፤ በግእዝ «ሀብት» ስጦታ ነውና ሀብተ ማርያም ማለት በእመቤታችን ምልጃ የተገኘ ስጦታ ማለት ነው። እንደ ገብረ መንፈስ ቅዱስ ያለው በሦስት ቃላት የተሠራ ነው። ሙሉ ዓረፍተ ነገር የሆኑ ስሞችም አሉ። የአቡነ ተክለ ሃይማኖት እናት እግዚእ ኀረያ ትባል ነበር፤ «ጌታ መረጣት» ማለት ነው። የንጉሥ ላሊበላ ባለቤት መስቀል ክብራ ናት፤ «መስቀል ክብሯ ነው» ማለት ነው። የጻድቋ የክርስቶስ ሠምራ ስምም «ክርስቶስ ወደዳት» ማለት ነው። እንዲህ ያለው ስም ሲከፈል ምን እንደሚሆን አንባቢ ያስተውል። ከ«ክርስቶስ ሠምራ» የመጀመሪያውን ቃል ብቻ አስቀርተን ሴቲቱን የጠራናት እንደ ሆነ፣ በፈጣሪዋ ስም ጠራናት ማለት ነው። ወላጅም ካህንም ይህን አላሰቡም።

ይህ ልማድ በእኛ የተጀመረ አይደለም። ከደቂቀ ነቢያት አንዱ የሆነው አብድዩ ስሙ በዕብራይስጥ የእግዚአብሔር አገልጋይ ማለት ነው፤ ወደ ግእዝ ብንመልሰው ገብረ እግዚአብሔር የምንለው ነው። በዛሬው በዓል ጌታን ያጠመቀው የቅዱስ ዮሐንስ ስምም እንዲሁ ተያይዞ የተሠራ ሲሆን ትርጉሙ እግዚአብሔር ጸጋን ሰጠ ማለት ነው። በሉቃስ ወንጌል ምዕራፍ 1 እንደምናነበው ዘመዶቹ ሕፃኑን በአባቱ ስም ዘካርያስ ሊሉት ወደው ነበር። አባቱ ግን አንደበቱ ተዘግቶ ስለ ነበር ሰሌዳ ለምኖ ስሙ ዮሐንስ እንደ ሆነ ጻፈ፤ አንደበቱም ያን ጊዜ ተፈታ። ስምን በትክክል መጻፍ ምን ያህል ትልቅ ነገር እንደ ሆነ ከዚህ በላይ ማስረጃ አያሻም።

የአገራችንም ታሪክ ይህን ይመሰክራል። ላሊበላ በነገሠ ጊዜ ስመ መንግሥቱ ገብረ መስቀል ተባለ። ከእርሱ በፊትም በ6ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የነገሠው የአፄ ካሌብ ልጅ በዚሁ ስም ይታወቃል። ንጉሥ ሆኖ፣ በዙፋን ተቀምጦ፣ አገልጋይ መባልን መምረጥ ቀላል ነገር አይደለም። በስሙ ውስጥ የሚያስከብረው ቃል ሁለተኛው እንደ ሆነ ያወቀ ሰው ብቻ ይህን ያደርጋል። በ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በአፄ ሱስንዮስ ዘመን ስለ ሃይማኖቷ ብዙ መከራ የተቀበለችው ወለተ ጴጥሮስም፣ በዓለት የተመሰለው የሐዋርያ ልጅ መባሏ ከጽናቷ ጋር ተስማምቶ ይገኛል። ዳግማዊ አፄ ምኒልክም በክርስትና ስማቸው ሣህለ ማርያም ናቸው።

ይህን ስንል ስም ዕጣ ፈንታ ነው ማለታችን እንዳልሆነ ልብ ይባል። «ስምን መልአክ ያወጣዋል» የሚለው አባባል በሕዝባችን ዘንድ የታወቀ ነው፤ የተናገሩትም ስምና ሥራ ሲገጥሙ አይተው ነው። ይህን መነሻ አድርገው ግን የሰውን ስምና የእናቱን ስም ፊደል እየቆጠሩ፣ እየደመሩና እየገደፉ፣ የሕፃኑን ጠባይና ዕድል እናውቃለን የሚሉ አሉ። ቤተ ክርስቲያን ይህን አትቀበልም። ገብረ ማርያም ተብሎ ክፉ የሆነ ሰው አለ፤ ሌላ ስም ይዞ ጻድቅ የሆነም አለ። የክርስትና ስም ጠባይ ሰውን የሚጠራ መሆኑ ነው። ባለ ስሙ በተጠራ ቁጥር ምን እንዲሆን እንደ ተጠበቀበት ይሰማል፤ መታዘዝ ወይም አለመታዘዝ የእርሱ ፈንታ ነው። ጥሪው ደግሞ የሚሰማው ሁለቱም ቃላት ሲነገሩ ነው።

አሁን ስሙ የሚቆረጥባቸውን ቦታዎች እንመልከት። የመጀመሪያው ቤታችን ነው። ኃይለ ሥላሴን ኃይሌ፣ ሀብተ ማርያምን ሀብቴ፣ ወልደ ሚካኤልን ወልዴ ማለት የቆየ ልማድ ነው። እናት ልጇን በፍቅር ስትጠራ ማሳጠሯን የሚነቅፍ የለም፤ እኛም አንነቅፍም። ነገር ግን አንድ ነገር እንጠቁም። በአማርኛ በቃል መጨረሻ የሚመጣው ይህ የኃምስ ድምፅ «የእኔ» የሚያሰኝ ነው። የሥላሴ ኃይል የነበረው «ኃይሌ» ሲባል የእኔ ኃይል፣ የማርያም ስጦታ የነበረው «ሀብቴ» ሲባል የእኔ ሀብት፣ የሚካኤል ልጅ የነበረው «ወልዴ» ሲባል የእኔ ልጅ ይሆናል። ግእዙ ለሌላ የሰጠውን፣ በአንዲት ፊደል ለውጥ ወደ ራሳችን መለስነው ማለት ነው። በእናት አንደበት ይህ የፍቅር ቃል ነው። መዝገብ ላይ ሲወጣና የመጀመሪያው ሲረሳ ግን ስሙ ባለቤቱን ቀይሯል።

ሁለተኛው ቦታ ጽሕፈት ቤት ነው። በኢትዮጵያ ልማድ ሰው የሚጠራው በራሱ ስም፣ በአባቱ ስምና በአያቱ ስም ነው። ለምሳሌ ያህል ገብረ ማርያም ወልደ ሚካኤል ኃይለ ጊዮርጊስ የሚባል ልጅ ቢኖር ቃላቱ ስድስት፣ ሰዎቹ ግን ሦስት ናቸው። የመዝገቡ ቅጽ ሦስት ቦታ አለው። ነገሩን ያላስተዋለ ጸሐፊ የመጀመሪያዎቹን ሦስት ቃላት በሦስቱ ቦታዎች ቢሞላ፣ ልጁ ስሙ «ገብረ»፣ የአባቱ ስም «ማርያም»፣ የአያቱ ስም «ወልደ» ሆኖ ይወጣል። አባትየው የለም፤ አያትየውም የለም። በትምህርት ቤት በዚህ መልክ የተጻፈ ስም ወደ ምስክር ወረቀት፣ ከዚያም ወደ መታወቂያ ይሻገራል። ከዓመታት በኋላ ውርስ ወይም ዝምድና ማስረዳት ሲያስፈልግ፣ ሁለት ወረቀት ላይ ሁለት ሰው የሆነው አንድ ሰው ምስክር ፍለጋ ሲንከራተት ይታያል።

ሦስተኛው ቦታ ባሕር ማዶ ነው። በአሜሪካና በአውሮፓ የሚኖሩ ወገኖቻችን የሚሞሉት ቅጽ የቤተ ዘመድ ስም ይጠይቃል። ስሙ በላቲን ፊደል በክፍተት ተለያይቶ የተጻፈ እንደ ሆነ «ማርያም» የመካከል ስም ተብላ ትቀመጣለች፤ ቀጥሎም በአንድ ፊደል ታጥራለች፤ በመጨረሻም ትቀራለች። ልጁም በትምህርት ቤት «ገብረ» ተብሎ ይጠራል። ይህ ችግር የእኛ ብቻ አይደለም። ዐብዱል ራሕማን፣ ዐብዱል ቃድር የሚባሉ ሙስሊም ወንድሞቻችንም በሰው አገር «ዐብዱል» ብቻ ሲባሉ ይሰማል፤ እርሱም «የእገሌ አገልጋይ» ብሎ ማቆም ነው።

ፈረንሳዮች ዣን-ፒየር ብለው በጭረት የሚያያይዟቸውን ስሞች አይተው፣ የእኛም እንዲሁ ነው የሚሉ ይኖራሉ። ልዩነቱ ግን ትልቅ ነው። ዣን ዮሐንስ ነው፤ ፒየር ጴጥሮስ ነው። ጭረቱ ቢነሣ ሁለት ሙሉ ስሞች ይቀራሉ፤ ባለ ስሙም በአንዱ ቢጠራ አይጎዳም። በእኛ ዘንድ ግን ጭረቱ ሲነሣና ሁለተኛው ቃል ሲወድቅ፣ የሚቀረው ጌታ የሌለው አገልጋይ፣ ወላጅ የሌለው ልጅ፣ ተካይ የሌለው ተክል ነው።

በላቲን ፊደል ሲጻፍ ጭረት ከክፍተት ይሻላል። ሆኖም ብቻውን በቂ ጥበቃ አይሆንም። በፓስፖርት ላይ ፎቶግራፉ ባለበት ገጽ ግርጌ በመሣሪያ እንዲነበብ የሚታተመው መስመር ጭረትን አይቀበልም፤ በዓለም አቀፉ የሲቪል አቪዬሽን ድርጅት ደንብ መሠረት በስም መካከል ያለ ጭረት በክፍተት ምልክት ይተካል። ስለዚህ ስሙን በላቲን ፊደል ያለ ክፍተትና ያለ ጭረት አንድ ቃል አድርጎ መጻፍ ይበልጥ ያስተማምናል። ለዚህ ጥሩ ምስክር አለን። በ1988 ዓ.ም በአትላንታ፣ በ1993 ዓ.ም በሲድኒ ኦሎምፒክ በ10 ሺህ ሜትር ወርቅ ያጠለቀው አትሌት ኃይሌ ገብረ ሥላሴ የአባቱ ስም በአንድ ቃል ተጋጥሞ ስለ ተጻፈ፣ የዓለም ዜና አንባቢ ሁሉ «ገብረ ሥላሴ» ብሎ ሙሉውን ሲጠራ ኖሯል። ረጅም ነው፣ ለባዕድ አንደበት ይከብዳል የሚሉ ወላጆች ይህን ያስታውሱ። ሰው የሚያከብረውን ስም ለመጥራት ይለምደዋል።

ሌላም መከራከሪያ ይሰማል። እንዲህ ያለው ስም የድሮ ነው፣ ልጁ በእኩዮቹ ይሾፍበታል ይባላል። ለልጁ ሌላ መጠሪያ ማውጣት ከጥንትም የነበረ ነው፤ ቤተ ክርስቲያንም አልከለከለችም። ዳግማዊ ምኒልክም ሁለት ስም ነበራቸው። የምንቃወመው የክርስትናው ስም በጥምቀቱ ዕለት አንድ ጊዜ ተነግሮ ከዚያ ወዲያ መረሳቱን ነው። የረሱት ስም ለልጅ አይተላለፍም፤ ልጁም ለልጁ የሚነግረው አይኖረውም።

መዘንጋቱ ያለው ጉዳት በጸሎተ ፍትሐት ጊዜ ይታያል። ካህኑ ሟቹን በጸሎት ለማንሣት የክርስትና ስሙን ይጠይቃል። በዚያ ሰዓት ቤተሰቡ እርስ በርሱ ይተያያል። አንዱ «ኃይለ የሚል ነበረበት» ይላል፤ ሌላው በገጠር ላለች አክስት ስልክ ይደውላል፤ የክርስትና አባት ከሞተ ቆይቷል። ሰውየው በሥራ ቦታው፣ በባንኩና በዕድሩ መዝገብ ስሙ አለ፤ በቤተ ክርስቲያን ልጅ በተባለበት ስም ግን የሚያውቀው ጠፍቷል። እግዚአብሔር የሚያውቀው ስም እንደማይጠፋ እናምናለን። ለእኛ ግን፣ ልናነሣው የሚገባንን ስም አጥተን ቆመን መቅረታችን ኀዘን ላይ ኀዘን ይጨምራል።

እንግዲህ ምን እናድርግ? የምናሳስበው ጥቂትና ለማንም የማይከብድ ነው። በ2004 ዓ.ም የወጣው የወሳኝ ኩነት ምዝገባና የብሔራዊ መታወቂያ አዋጅ ቁጥር 760 ልደት በ90 ቀናት ውስጥ እንዲመዘገብ ደንግጓል። የወንዱ 40ኛ ቀን፣ የሴቷም 80ኛ ቀን በዚህ ውስጥ ያርፋሉ። ስለዚህ የክርስትናውን ስም መጠሪያ ለማድረግ የወሰነ ወላጅ ስሙን ከካህኑ አፍ ሰምቶ፣ በወረቀት ጽፎ፣ ወደ ምዝገባ ጽሕፈት ቤት ለመሄድ ጊዜ አለው። በዚያም ሁለቱ ቃላት በአንዱ የስም ቦታ እንዲሰፍሩ በትሕትና ይጠይቅ፤ የተጻፈውንም ሳይፈርም ያንብብ። ከዚያ ወዲያ በትምህርት ቤትም፣ በፓስፖርትም አጻጻፉ አንድ ይሁን፤ ዛሬ በጭረት፣ ነገ በክፍተት፣ ከነገ ወዲያ ተጋጥሞ አይጻፍ።

ሌላ መጠሪያ ያወጣ ወላጅ ደግሞ የክርስትናውን ስም በቤቱ ባለው መጽሐፍ ቅዱስ ወይም ዳዊት የመጀመሪያ ገጽ ላይ ሙሉውን ይጻፍ፤ የተጠመቀበትን ቀንና ደብር፣ የክርስትና አባቱን ወይም የክርስትና እናቷን ስም ይጨምር። ክርስትና አባቶችና እናቶችም የልጆቻቸውን ስም በቃል ይያዙ፤ በዓመት አንድ ጊዜ እንኳ በዚያው ስም ይጥሯቸው። እኛ በመቅደስ የምናገለግልም ድርሻ አለን። የክርስትና ካርድ ስንጽፍ «ወ/ማርያም»፣ «ገ/ሚካኤል» እያልን በአንድ ፊደልና በአንድ ዝባዝ መስመር የማሳጠር ልማዳችንን ልንተው ይገባል። «ወ/» ወልደ ይሁን ወለተ ከመቶ ዓመት በኋላ የሚያነበው አያውቅም። እኛ ያላከበርነውን የመዝገብ ጸሐፊ እንዲያከብረው መጠየቅ አይቻለንም።

በዚህ የጥምቀት በዓል፣ ታቦታቱ በእልልታ ወደ መንበራቸው ከተመለሱ በኋላ፣ አባቶችና እናቶች ልጆቻችሁን አስቀምጣችሁ ስማቸውን ሙሉውን ንገሯቸው። «ገብረ» የተባለውን የማን አገልጋይ እንደ ሆነ፣ «ወለተ» የተባለችውን የማን ልጅ እንደ ሆነች ይስሙ። ሲጠየቁም ሳይጀምሩ የማይተዉ፣ ጀምረውም የማያቋርጡ ይሁኑ።

እንኳን ለብርሃነ ጥምቀቱ በሰላም አደረሳችሁ። በዓሉ የሰላም፣ የጤናና የበረከት ይሁንላችሁ።